ባጫና ያለፈቃድ የተናገረው ኮከብ

ናዝሬት ውስጥ በባጫ ጋሪ ያልተሳፈረ ሰው ካለ ገና አልተወለደም ማለት ነው። ከተወለዱትም ግማሾቹ ሐኪም ቤት የደረሱት እናታቸው ሆድ ውስጥ ሆነው በሱ ጋሪ ነው። አሥራ ዘጠኝ ዓመት ከባቡር ጣቢያ ገበያ ሲመላለስ ኖሮ፣ አንድ ቀን የመምህር አለማየሁን ብረታ ብረት ጭኖ ከከተማው ጀርባ ያለውን ጉብታ ሲወጣ ፈረሱ መንገድ ላይ ቆመ። ቢለምኑት፣ ቢሰድቡት፣ ቢገፉት ወይ ፍንክች! ዕቃውን ባጫና መምህሩ ተሸክመው አወጡት። ባጫም መምህሩ እዚያው ለተከሉት የከዋክብት መመልከቻ ጠባቂ ሆኖ ቀረ። ፈረሱ ግን በማግስቱ ሥራ ገብቷል ይባላል።

ዕቃው ረጅም ቱቦ ነው፤ ራሱ ላይ መስታወት፣ ጭራው ላይ የመኪና ባትሪና ጥሩምባ አለው። መምህሩ እንዳስረዱት፣ የኮከብ ብርሃን በመስታወቱ ይገባል፣ ሽቦው ውስጥ ኤሌክትሪክ ይሆናል፣ በጥሩምባው ድምፅ ሆኖ ይወጣል።

«ገባህ ባጫ?»

«ገብቶኛል መምህር፤» አለ። አልገባውም። እሱ በሚያውቀው ገብስ የጫነ ገብስ ያወርዳል እንጂ ጤፍ አያወርድም።

መምህሩ ለትምህርት ሞስኮ ሲሄዱ «አቧራውን ጥረግ፣ ሲመሽ ክፈተው፣ የሰማኸውን ጻፍ» አሉት። ጻፈ። ሰኞ፣ «ዡዡዡ»። ማክሰኞ፣ «ዡ»። ረቡዕ፣ «ደመና»።

ችግሩ ዘመኑ 1970 ዓ.ም. መሆኑ ነው። የጠላት ሬዲዮ የሰማ ወዮለት በሚባልበት ሰዓት፣ ጉብታ ላይ ተቀምጦ ማንም በማያውቀው ቋንቋ የሚያወራ ጥሩምባ የሚያዳምጥ ሰው ተገኘ! ወሬው ደብረ ዘይት ሲደርስ ጥሩምባው መድፍ ሆነ፤ ሻሸመኔ ሲደርስ ባጫ ኮሎኔል ሆነ።

የቀበሌው ሊቀመንበር ጓድ አስፋው አስጠሩት።

«ማን ነው የሚያናግርህ?»

«ኮከብ ነው፣ ጓድ ሊቀመንበር።»

«ከየት ሆኖ?»

«ከላይ ነው።»

«ከላይ?» ጓድ አስፋው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ከክፍለ ሀገር ነው ከአዲስ አበባ?»

ባጫ ጣቱን ወደ ጣሪያው ቀሰረ። ጓድ አስፋው ጣሪያውን አዩ፤ ከዚያ ተቆጡ።

«ነገ ኮሚቴው መጥቶ ይሰማዋል። ጠላት ሆኖ ከተገኘ ከዚያው ቀጥታ እስር ቤት ነህ!»

ሚስቱ ዘርፉ ለእስር ቤቱ የሚሆን ብርድ ልብስ እያጠፈች «ያ ዋቃዮ! ማን ከጋሪህ ውረድ አለህ?» አለችው። ባጫም ብርድ ልብሱን ተሸክሞ ወደ ጉብታው ተመለሰ።

በማግስቱ ኮሚቴው ሰዓት እላፊ እንዳይደርስበት ጀምበር እንደጠለቀች ከተፍ አለ፦ ጓድ አስፋው፣ የሴቶች ማኅበሯ ጓድ እናትነሽ፣ ቃለ ጉባኤ የሚይዝ ጸሐፊና ጠመንጃ ያነገተ ጥበቃ። ደማቁ የምሽት ኮከብ በምዕራብ በኩል ታይቷል። ባጫ ቱቦውን አዞረ።

«ዡዡዡ» አለ ጥሩምባው።

«ወፍጮ ቤት ነው፤» አለ ጥበቃው።

«ኧረ ልጅ ሲያቃስት ነው፤» አለች እናትነሽ ደረቷን ይዛ።

ጸሐፊው ብዕሩን አዘጋጀ። «የተናጋሪው የመደብ ጀርባ?»

ባጫ ግራ ገባው። «እንጃ… ከላይ ሆኖ ቁልቁል ማየት ነው ሥራው።»

«ፊውዳል» ብሎ ጻፈ ጸሐፊው። ጥበቃው ብርድ ልብሱን አንስቶ ለባጫ አስታቀፈው።

«ስብሰባው ተጀምሯል!» አሉ ጓድ አስፋው።

«ዡዡዡ!»

«እየተናገርኩ እኮ ነው!»

«ዡዡዡዡ!»

ጓድ አስፋው ሲናገሩ ጣልቃ የገባ ፍጡር ታይቶ አይታወቅም፤ የቀበሌው ዝንብ እንኳ እስኪጨርሱ ግድግዳ ላይ ትጠብቃለች። ደም ሥራቸው ተገተረ።

«ዝም በል! ተናጋሪ መጀመሪያ እጁን ያወጣል!»

ጥሩምባው ጭጭ አለ።

ከሁሉም በላይ የደነገጡት ራሳቸው ጓድ አስፋው ናቸው። ባጫ ቀና ሲል ከሞጆ በኩል የተነሳ አቧራ ምዕራቡን ሸፍኖታል፤ ኮከቡ የለም። አቧራው ከጩኸቱ በፊት መጣ ወይስ በኋላ? አላየም። «አቧራ ነው» ሊል አፉን ከፈተ። የታቀፈውን ብርድ ልብስ አየ። አፉን ዘጋ።

«ታዛዥ ነው!» አሉ ጓድ አስፋው ፊታቸው እየበራ። «ጠላት ቢሆን ይታዘዝ ነበር?»

ተጨበጨበ። ጸሐፊው ጻፈ፦ «ኮከቡ በኮሚቴው ትእዛዝ ንግግሩን አቁሟል። ፊውዳልነቱ ተሰርዟል። ወደፊት ያለፈቃድ ቢናገር ተጠያቂው ጓድ ባጫ ነው።» ባጫ ፈረመ። ነፃ ይውጣ ይታሰር ሳይለይለት ፈረመ። ኮሚቴውም ሰዓት እላፊ ሊሞላ ስለሆነ ቁልቁለቱን በሩጫ ተያያዘው።

ጥቂት እንደሄዱ አቧራው ተገፈፈ።

«ዡዡ…»

ባጫ ኮከቡን አየ፤ ኮሚቴውን አየ፤ የሚያደርገው ጠፋው። ኮከብ እጅ የለውምና፣ በሱ ፈንታ የራሱን እጅ ወደ ላይ አወጣ። ከታች ጓድ አስፋው ዞር ብለው አዩትና እሳቸውም እጃቸውን አነሡለት።

ፈቃድ ይሁን ስንብት ለባጫ አልለየለትም። ቢሆንም የሊቀመንበር እጅ ነውና ጥሩምባውን ሳይዘጋ ተወው።