ሞጣ ገበያ ላይ ያወቀችኝ ሴት

ይህ ከሆነ ሁለት ዓመት አልፎታል። ዛሬም ገበያ መሃል ሰው ትክ ብሎ ካየኝ መንገድ እቀይራለሁ።

የቴሌቪዥን ተዋናይ ነኝ። ስሜን ብነግራችሁ አታውቁትም። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ የሠራሁት ዘበኛ፣ ሾፌር፣ አንዴም ሬሳ ሆኜ ነው። ከዚያ በአንድ ተከታታይ ድራማ ላይ ልጅ የሚሰርቅ ሰው ሆኜ አራት ክፍል ታየሁ። ከሠራኋቸው ሁሉ የሚሻለው እሱ ነበር። ድራማው ግን ሳያልቅ ተቋረጠ።

በዚያው ሰሞን እናቴን ልጠይቅ አገሬ ቢቸና ሄድኩ። ሞጣ ያለችው አክስቴ መታመሟን ስሰማ በማግስቱ በሚኒባስ ወደዚያ ተሻገርኩ። ቀኑ የገበያ ቀን ነበር። ለአክስቴ ብርቱካን ልገዛ ስል አንዲት አራት ዓመት ያህል የሚሆናት ልጅ ብቻዋን ቆማ ስታለቅስ አየሁ።

«የማን ልጅ ነሽ?» አልኳት።

«የእማዬ።»

እጇን ይዤ «የዚች ልጅ እናት!» እያልኩ በጨርቅ ሱቆቹ በኩል መጣራት ጀመርኩ። ብዙም ሳንርቅ ሽንኩርት የምትሸጥ አንዲት ሴት ከመደቧ ብድግ ብላ አፈጠጠችብኝ።

«ይኸ ሰውዬ ልጅ ሰራቂ ነው! ሲወስድ በዓይኔ አይቸዋለሁ!»

አልዋሸችም፤ አይታኛለች። የት እንዳየችኝ ብቻ ጠፍቶባታል።

ሰው ከበበኝ። አንዱ ኮሌታዬን ያዘ፣ ሌላው ልጅቷን ከእጄ መነጨቃት። በጩኸቱ ደንግጣ ይበልጥ አለቀሰች፤ ያም በእኔ ተቆጠረ።

«እናቴ፣ ድራማ ላይ ነው ያዩኝ! ተዋናይ ነኝ!» ብል አንድ ጎልማሳ ዱላውን እያመቻቸ «የተያዘ ሁሉ ሰበብ አያጣም» አለ። ላሳያቸው ስልኬን ባወጣ ኔትወርክ የለም። እናቴ ሞቴን ከማን ትሰማ ይሆን ብዬ አሰብኩ።

ይህን ጊዜ አንድ ነጭ ቆብ ያደረጉ ሽማግሌ ከጨርቅ ሱቃቸው ወጥተው ከፊቴ ቆሙ።

«ቆዩ እስቲ ልጆቼ! ልጅ የሰረቀ ሰው እናቷን እየተጣራ ይዞራል? እኔ ስሰማው ነበር።»

«ሐጂ፣ እርስዎ አያውቁትም!» አላቸው ባለዱላው።

«አንተስ ታውቀዋለህ? እናቷ እስክትመጣ እኔ ዋስ ነኝ።»

ጎትተው ወደ ሱቃቸው አስገቡኝና በሩ ላይ ቆሙ። ምን ያህል እንደቆየሁ አላውቅም። የልጅቷ እናት ነጠላዋ መሬት እየጠረገ ስትሮጥ መጣች። ልጅቷም ጣቷን ወደ እኔ ቀስራ «እሱ እኮ አንቺን ሲጠራልኝ ነበር» አለቻት። ሰዉ አንድ ሁለት እያለ ተበተነ።

ሽንኩርት ሻጯ ግን አልሄደችም። እያለቀሰች ይቅርታ ጠየቀችኝ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ «ያች የድራማዋ ልጅ ግን ተገኘች?» አለችኝ።

«ተገኝታለች» አልኳት። ምን ልበላት?

ባለፈው ሰሞን ቢቸና መናኸሪያ አንዲት ሕፃን ብቻዋን ስታለቅስ አየሁ። እጄን ኪሴ ውስጥ ከትቼ ሌላ ሰው እስኪደርስላት ቆሜ ጠበቅኩ። አንዲት ሴት መጥታ አቀፈቻት። እኔም አንገቴን ደፍቼ የምሳፈርበት መኪና ውስጥ ገባሁ። ከሞጣው ድንጋጤ ይልቅ ዛሬ እንቅልፍ የሚነሳኝ ይሄ ነው።