ቅርንፉድ የሚሸተው ሲሚንቶ

ሰፈርተኛው «ቅርንፉዷ» ይላታል። የጥርስ ሐኪም ረዳት ናት፤ ሽታው ከሥራ ልብሷ አልፎ ፀጉሯ ውስጥ ገብቷል። ወፍራም መስታወት ላይ ነጩን የዚንክ ዱቄት ከቅርንፉድ ዘይት ጋር ጥቂት በጥቂት ትለውሳለች። ሲሚንቶ የሚሉት ይህ ሊጥ በጣቶቿ መካከል እንደ ገመድ ሲጠቀለል በቃው ማለት ነው። ዘይቱ ከበዛ ይቆጠቁጣል፤ በወጉ ከተለወሰ የታመመን ጥርስ ያስተኛል። ያስተኛል እንጂ ለዘለቄታው አይሆንም። እየተሸራረፈ ስለሚያልቅ በጠንካራ ሙሌት መተካት አለበት።

«አንቺ የለወስሽለት ሰው ተመልሶ አይመጣም» ትላታለች ሐኪሟ እየሳቀች። «ሕመሙን ታስረሺዋለሽ።»

ቀልዱ ታላቅ ወንድሟ ላይ ደረሰ። ልብስ ሰፊ ነው፤ ክር የሚበጥሰው በጎን ጥርሱ ነው። «መቀስ ስፈልግ ደንበኛዬ ያረጃል» ባይ ነው። ጥርሱ ተቦርቡሮ እህል አላስቀምስ ሲለው እህቱ የምትሠራበት ሄደ፤ ተጠርጎ በእሷ ሲሚንቶ ተሞላ። በማግስቱ እያፏጨ ሥራ ገባ። በቀጠሮው ቀን ግን የለም።

«ጋሼ፣ ይሄ እኮ ጊዜያዊ ነው። ይነቀላል በኋላ።»

«ዝም ካለኝ ዝም ልበለው እንጂ!»

«ክሩንስ?»

«በመቀስ ነው የምቆርጠው።» ውሸቱን ነበር።

ሚስቱ ደግሞ ሌላ ስሞታ ነበራት። «ኧረ ይሄ ሰውዬ አንቺን አንቺን ሸተተኝ! የባሌን እህት አቅፌ የማድር መስሎኛል።»

አንድ እሑድ ምሳ ላይ ሚስትየው «ተመስገን፣ ሽታው ለቀቀው» አለች። ቤቱ ሳቀ። ቅርንፉዷ አልሳቀችም። ተነስታ ቀዝቃዛ ውኃ ቀድታ ለወንድሟ ሰጠችው።

«በተሞላው ጥርስህ በኩል ጠጣ።»

ተጎነጨና ጉንጩን ይዞ ከወንበሩ ተነሳ።

በማግስቱ ሐኪሟ አፉን ከፍታ አየች። ሲሚንቶው ተሰብሮ ግማሹ የለም፤ ጥርሱ ግን ገና ይተርፋል። «ትንሽ ብትቆይ ጥርስህን ነቅዬ በእጅህ ነበር የምሰጥህ» አለችው። የቀረውን ፍርፋሪ ጥርግ አድርጋ አወጣችው፤ የዘይቱ ርዝራዥ ከቀረ ዘላቂው ሙሌት አይጠነክርም።

እህትየው መቀስ ገዝታ በገመድ ከስፌት መኪናው ጋር አሰረችለት።

«ፍየል ነው እንዴ የምታስሪው?» አለ። ክሩን ወደ አፉ ወሰደ፤ ከንፈሩ ጋ ሲደርስ ቆመ፤ መቀሱን ሳበ።

እሷም ከዚያ ወዲህ ሲሚንቶ የተሞላላቸውን ስትሸኝ የምትለውን ለወጠች። ድሮ «ካመመዎት ይምጡ» ነበር። አሁን «ባያምዎትም ይምጡ» ትላለች።