የደንበኛ ጃኬት

ላውንደሪው ውስጥ «እሳቷ» ይሏታል። ልብስ የምትቀበለው፣ ከኮሌታው ሥር ቁጥር ያለበት ቁራጭ ጨርቅ በመርፌ ቁልፍ አያይዛ ወደ ማጠቢያው የምትልከው እሷ ናት። ኪሱ ውስጥ እስክሪብቶ ረስቶ ለመጣ ደንበኛ ምላሷ አይመለስም። ባሏ ግን ቢረግጡት ራሱ ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ነው፤ በጓዳው እንፋሎት መሃል ቆሞ ሲተኩስ ይውላል። እንዲህ ያለውን ሰው ነው እንግዲህ በጩቤ አስፈራርቶ ዘረፈ ብለው የፈረዱበት። ይህን ስታስብ ደሟ ይፈላል። ይፍላ እንጂ፣ የማንስ የማይፈላ ነው!

ነገሩ የመጣው ከአንድ ክፉ ልማድ ነው። በዚያ ቤት ቅዳሜ ተተኩሶ ባለቤቱ እስከ ሰኞ የማይወስደው ልብስ፣ እሁድ የሠራተኛ ትከሻ ላይ ይውላል። ሁሉም ያውቃል፣ ማንም አያወራም። አንድ ቀን አንድ የማያውቁት ጎረምሳ ክርኑ ላይ ቆዳ የተለጠፈበት ቡናማ ጃኬት አምጥቶ ሄደ። ባሏም ለእህቱ ልጅ ሠርግ ሊለብሰው አነሳው።

«ተው አንተ ሰውዬ፣ የሰው ነው» አለችው።

«ለአንድ ቀን እኮ ነው። ሰኞ ተመልሶ ይሰቀላል።»

በሬ ሆይ፣ ሣሩን አየህና ገደሉን ሳታይ! አውቶቡስ ፌርማታው ላይ አንድ ፋርማሲስት ከኋላ መጥቶ ክርኑን ጨመደደው። «ይሄ የኔ ጃኬት ነው! ቆዳውን ሚስቴ ናት የሰፋችው!» አለ። ከዚያ ቀና ብሎ ፊቱን አየና «አንተ ነህ! አንተው ነህ የዘረፍከኝ!» ብሎ ሰው ሰበሰበ። ፋርማሲስቱ ጃኬቱን የተዘረፈው መብራት በጠፋበት ጠባብ መንገድ ላይ ነበር፤ ዘራፊውም ኮፍያውን እስከ ቅንድቡ አውርዶ ነበር።

ባሏ ፖሊስ ጣቢያ ሲደርስ የቤቱን ስም ላለማጥፋት ብሎ «ገዝቼው ነው» አለ። ያቺ ውሸት ገመድ ሆነችበት። ጎረምሳው በዚያው ጠፋ። ባለ ላውንደሪው ተጠርቶ «እኔ ቤት የደንበኛ ልብስ አይለበስም» ብሎ ማለ። እሳቷ እውነቱን ብትናገር፣ ሚስት ለባሏ ሌላ ምን ትላለች ተባለች። ዳኛውም ሁለት ማስረጃ አለ አሉ፤ የተበዳዩ ዓይንና የተያዘው ጃኬት፣ አንዱ ሌላውን ያጠናክራል።

«ምኑ ነው ሁለት?» እያለች ከፍርድ ቤት እስከ ቤቷ ብቻዋን ስትጮህ ሄደች። «መጀመሪያ ጃኬቱን አየ፤ ከዚያ የባሌን ፊት ወስዶ ጃኬቱ ላይ ሰፋው! አንድ እኮ ነው!»

ጠበቃው ይህንኑ አንስቶ ይግባኝ አለ። የይግባኝ ዳኞቹም ፋርማሲስቱና ባለ ላውንደሪው እንደገና ቀርበው እንዲሰሙ አዘዙ። እሳቷ ኩራቷን ዋጥ አድርጋ አሠሪዋን ለመነች።

«ጋሼ፣ አንዲት ቃል ብቻ። ሠራተኞቹ ይለብሳሉ ይበሉ።»

«ልጄ፣ ደንበኞቼን በገዛ አፌ ላባርር? ታገሺ፣ ባልሽም አንድ ቀን ይወጣል።»

ባልሽ አንድ ቀን ይወጣል! ያን ቀን የሰው ሸሚዝ በጥርሷ ልትቀድድ ምንም አልቀራት።

በቀጠሮው ቀን ባለ ላውንደሪው ባለ ሐር ገበር ጥቁር ካፖርት ለብሶ ገባ። ማለ። «እኔ ቤት የደንበኛ ልብስ ሠራተኛም፣ እኔም ለብሰን አናውቅም» አለ። ቃሉን ጨርሶ ለዳኞቹ እጅ ሊነሳ ጎንበስ ሲል ኮሌታው ተገለጠ። ከኋላ የተቀመጠችው እሳቷ ከሥሩ ነጭ ቁራጭ ጨርቅ አየች። በመርፌ ቁልፍ የተሰካ። በራሷ እጅ የሰካችው።

ቱግ ብላ ተነሳች። «ኮሌታቸውን ገልብጡልኝ! ያን ቁጥር የሰካሁት እኔ ነኝ! የጥርስ ሐኪሙ ካፖርት ነው!»

ፖሊሱ ጎትቶ ሊያስወጣት ሲል መሃል ዳኛዋ እጃቸውን አነሱ። ካፖርቱ ወለቀ፤ ጨርቁም ከነቁጥሩ ታየ።

«የማን ነው?» አሉ ዳኛዋ።

«የ... የደንበኛ ነው፣ ክብርት ዳኛ።»

«ታዲያ ምነው ለበሱት?»

«ፍርድ ቤት ስለሆነ... ደህና ልብስ ልልበስ ብዬ ነው።»

የሌባ ዓይነ ደረቅ፣ መልሶ ልብ ያደርቅ! ዳኛዋ ወደ ፋርማሲስቱ ዞሩ። ጃኬቱን ባያይ ኖሮ ይህን ሰው በመንገድ ሲያልፍ ይለየው እንደሆነ ጠየቁት። እሱም ባሏን ረዥም ጊዜ አይቶ «እንጃ» አለ። ለዚህች «እንጃ» ነበር ያ ሁሉ እስር።

ፍርዱ ተሽሮ ባሏ ሲለቀቅ እሳቷ እስር ቤቱ በር ላይ ጠበቀችው። ከስቷል፣ ሸሚዙ ትከሻው ላይ ሰፍቶታል። አቅፋው ስታለቅስ በጆሮዋ ቀስ ብሎ ጠየቃት።

«ጋሼ ያን ዕለት ያለ ካፖርት ሲወጡ በርዷቸው ይሆን? ሄደን ይቅርታ ብንላቸው...»

እንባዋ ባለበት ቀረ። ገፍትራው ሁለት እጇን ወገቧ ላይ አደረገች።

«ዘበኛ!» አለች በሩን እያንኳኳች። «ይሄንን ሰውዬ መልሰህ አስገባልኝ!»