የለቀቅነው ተራ

ዛሬ ጠዋት ከጎረቤት ማሳ ዝናብ የመታው ገብስ ሸተተኝ። ያ የሻገተ ሽታ ግምጃ ቤት ከተማ አጠገብ ወደነበረው ማሳችን መለሰኝ።

ያኔ ዕድሜዬ ሰባት ዓመት ቢሆን ነው። አባቴ ሞቷል። ስምንት ቤት በወንፈል ተባብረን፣ የአንዱን ገብስ አጭደን ወደ ሌላው እንሻገር ነበር። ተራ የሚያወጣው አያ ታረቀኝ ነው። የራሱ ማሳ በታጨደ ማግስት «ዳንግላ ዘበኝነት አገኘሁ» ብሎ በቅሎው ላይ ወጣና ሄደ።

ወንዶቹ ማጭዳቸውን እንደያዙ ተጣሉ። ቀጣዩ ተራ የእኛ ነበር።

«ታረቀኝ ያወጣው ተራ ከታረቀኝ ጋር ሄዷል!» አለ አያ ደምሴ። «የእኔ ካልቀደመ ወደ ቤቴ!»

«ሂዳ! ማጭድህ እንደሆነ እንደ ምላስህ አይቆርጥ» አለው አንዱ።

እናቴ መሃላቸው ገባች። «ተራዬን ውሰድ፣ አያ ደምሴ። እኔ መጨረሻ ልሁን። ብቻ ማንም እንዳይቀር።»

ቀሚሷን ጎተትኩ። «እማዬ፣ የእኛ እኮ ነው!»

«ዝም በይ። አንድ ሰው ካልተጎዳ እነዚህ አብረው አይውሉም።»

አልገባኝም።

እውነትም ማንም አልቀረም። የሰባቱ ቤት ገብስ ገባ። ለእኛ ቀን ሁለት ቀን ሲቀረው ዝናቡ ወረደ፤ ሳምንት ሙሉ አላባራም። ገብሳችን እንደቆመ በሰበሰ።

የእነዚያ ሰዎች ልጆች እስከ ዛሬ «እናትሽ ወንፈሉን ከመበተን አዳነችው» ይሉኛል። አዎ፣ አዳነችው። ያን ዓመት ቁና ይዛ በየደጃፋቸው ስትቆም ግን ከጎኗ የነበርኩት እኔ ነኝ። አያ ደምሴ ገብስ ሲሰፍርልን፣ ከቁናው አፍ የተረፈችውን በመዳፉ ጠርጎ ወደ ጎተራው መለሳት።