ሻርፔ ፊቱን የታጠበበት ቀን

ባለፈው ክረምት ከሥራ ወደ ሰበታ ስመለስ፣ ሚኒባስ ውስጥ ስልኬን ስነካካ የማውቀው ሰው ብቅ አለብኝ። ብርማ ቆብ፣ አንገቱ ላይ ቀይ ሻርፕ። የሆነ ሰው የድሮ የጃፓን ተከታታይ ፊልሞችን ሰብስቦ ኢንተርኔት ላይ ጭኗቸዋል። የጀግናው እውነተኛ ስም ረጅም ነው፣ አሁንም አይያዘኝም። እኛ ልጆቹ ሻርፔ ነበር የምንለው። ወራጅ ማለቱን ረስቼ መውረጃዬን አልፌ ሄድኩ።

ሻርፔን ያመጡልን ጎረቤታችን ኦቦ ገመቹ ናቸው። አዲስ አበባ የአንድ ጃፓናዊ ቤተሰብ ዘበኛ ነበሩ፤ ሰዎቹ አገራቸው ሲገቡ ቴሌቪዥኑን፣ ዴኩንና አንድ ካርቶን ሙሉ ካሴት ትተውላቸው ሄዱ። ጃፓንኛ የሚሰማ በሰፈሩ የለም። ስለዚህ ኦቦ ገመቹ ቴሌቪዥኑ አጠገብ በርጩማ ላይ ተቀምጠው ታሪኩን ራሳቸው ይፈጥሩልናል። ጭራቁ በኦሮምኛ ይዝታል፣ ሻርፔ በአማርኛ ይመልሳል፣ ሲናደድ እሱም ወደ ኦሮምኛ ይገባል። ቤቱ የእርጥብ ሹራብና የተጠበሰ በቆሎ ሽታ ነበረው። እኔና ጓደኛዬ ናርዶስ ሁልጊዜ ከፊት ነን።

አዲስ አበባን እስከ እኛ ድረስ ያሰፋል የተባለው የማስተር ፕላን ነገር የመጣው በዚያ ሰሞን ነው። እናቴ ድምጿን ዝቅ አድርጋ ስታወራው የሰው ስም ይመስለኝ ነበር፤ አንድ ቀን የሚመጣ፣ ሰው መሬቱን እንዳይወስድበት የሚፈራው ሰውዬ። የምር ክፉ ቢሆን ኖሮ ሻርፔ ይገጥመው ነበር፣ ኦቦ ገመቹም ይነግሩን ነበር ብዬ እጽናናለሁ።

ትምህርት ቤት በተዘጋበት አንድ ቀን ፕላኑን የሚቃወሙ ወጣቶች የጅማን መንገድ በድንጋይና በሚቃጠል ጎማ ዘጉት። እናቴ ከቢሮ መመለሻ አጣች፤ እኔና ናርዶስ ኦቦ ገመቹ ቤት ዋልን። ከውጭ ጩኸት ይሰማል፣ ቀጥሎ የሚፈነዳ ነገር፤ ዓይናችንን ያቃጥለን ጀመር። ኦቦ ገመቹ መስኮቱን ዘግተው ድምፁን ጨመሩት። ሻርፔ ቆስሎ ገደል አፋፍ ላይ ተንጠልጥሏል።

ከዚያ በኋላ ያለውን እስከ ዛሬ እንደ ትናንት አየዋለሁ። ሻርፔ አንዲት ትንሽ ቤት ይገባል። ሻርፑን ይፈታል። ዓይኑ ደም መስሏል። ሰው እጁ ላይ ውሃ ያፈስለታል፣ ፊቱን ይታጠባል፣ ይጠጣል፣ ቀና ብሎም ፈገግ ይላል። ከልጅነቴ ሁሉ የምወደው ትዕይንት ይሄ ነው።

ክፍሉን ኢንተርኔት ላይ አገኘሁት፤ ከሥሩ የእንግሊዝኛ ትርጉም አለው። ሻርፔ ከገደሉ ይወድቃል፣ ሆስፒታል ውስጥ ያለ ቆቡ ይነቃል፣ ከነርሷ ጋር ይቀልዳል፣ ተመልሶ ይዋጋል። ቤት የለም። ውሃ የለም። የፊተኛውንም የኋለኛውንም ክፍል አየሁ። ቆርጠው ጥለውት ይሆን? ግራ ገባኝና ናርዶስ ጋ ደወልኩ።

«ያን ቀን እኮ መብራት ሄዷል» አለች። «ገደሉ ላይ እንደተንጠለጠለ ነው ድርግም ያለው። መጨረሻውን መች አየነው?»

«ታዲያ ፊቱን ሲታጠብ ያየሁትስ?»

«እኔንጃ፤ እኔ ፈርቼ ብርድ ልብስ ውስጥ ነበርኩ። ለምን እሳቸውን አትጠይቂያቸውም?»

ኦቦ ገመቹ አሁን ተፍኪ ከተማ ልጃቸው ዘንድ ናቸው። እሁድ ሄድኩ። ስልኬን ዓይናቸው ሥር ይዘው ሳቁ። «ይሄ ሰውዬ ጭራሽ አላረጀም!» ቀጥዬ ስለ ውሃው ጠየቅኳቸው። ሳቃቸውን ተዉት።

«መብራት ሲጠፋ አለቀስሽ» አሉ። «ታሪኩን በአፌ ቀጠልኩልሽ። ድኗል፣ እየመጣ ነው እያልኩ ሳለ በጓሮ በር አንድ ልጅ ገባ። የተማሪ ሹራብ ለብሷል፣ ፊቱን በቀይ ሻርፕ ሸፍኗል፣ አስለቃሹ ጭስ ዓይኑን አቅልቶታል። አንቺ ብድግ ብለሽ ‹ሻርፔ መጣ!› አልሽ። ምን ልበል? አዎ፣ እሱ ነው አልኩሽ።»

«ማን ነበር?»

«አላውቀውም ልጄ፣ ኢንተላ ኮ። ‹ውሃ› አለኝ፣ ሰጠሁት። ያን ጊዜ ስም መጠየቅ ደግ አልነበረም። በመጣበት ወጣ።»

«ከዚያስ አላዩትም?»

«ከዚያማ ተኩስ ነበር» አሉና ስልኩን መለሱልኝ።

ያኔ ጃፓንኛው ሳይገባኝ ሁሉ ነገር ገብቶኝ ነበር። አሁን እያንዳንዱ ቃል ተተርጉሞልኝ ምኑን ከምን እንደምለይ አላውቅም። ልጁ በሕይወት ካለ ከእኔ በጥቂት ዓመት ቢበልጥ ነው። ባንክ ወረፋ ላይ፣ ገበያ መሃል፣ በዚያ ዕድሜ ያለ ወንድ ሳይ አፈጥበታለሁ። ግን ምን ብዬ ልለየው? ፊልሙን ካገኘሁ ወዲህ፣ ፊቱን እየታጠበ ቀና ሲል የሚታየኝ የልጁ ሳይሆን የጃፓኑ ተዋናይ ፊት ነው።