የተገዘተው ክምር

ከመሐል ሜዳ በእግር ሦስት ሰዓት ያህል ርቆ፣ በገብስ ማሳዎች መካከል አንድ ክብ የድንጋይ ክምር ነበር። «ነበር» የምለው አሁን ስለሌለ ነው። ቁመቱ ከጎጆ ጣሪያ አያንስም። የአገሩ ሰው «የተገዘተው» ይለዋል፤ ሌላ ስም አላወጣለትም። ከስንት ትውልድ በፊት እንደሆነ እንጃ፣ አንድ ካህን መስቀሉን ይዞ «ከዚህ ክምር አንዲት ድንጋይ ያነሣ የተወገዘ ይሁን» ብሎ ገዝቶታል ይባላል። መንዝ ቤቱ ድንጋይ፣ በረቱ ድንጋይ፣ የማሳው ድንበር ድንጋይ የሆነ አገር ነው። እንዲያም ሆኖ ከዚያ ክምር ለጉልቻ የምትሆን እንኳ ያነሣ ሰው አልነበረም። ጠቦት ዘሎ የወጣበት ገበሬ ከታች ቆሞ እስኪወርድለት ይለምነዋል እንጂ ተከትሎት አይወጣም።

እኔ እዚያ አገር የደረስኩት ሚሊኒየሙን ካከበርን በኋላ በነበሩት ዓመታት፣ በታሪክ ዲግሪዬን ይዤ፣ የቅርስ ባለሙያ ተብዬ ተመድቤ ነው። የመርሐቤቴ ልጅ ነኝ፤ ዓለም ከተማ ተወልጄ ያደግኩ። ሦስት ሹራብ ደራርቤ ቢሮ ስገባ የሥራ ባልደረቦቼ «የቆላዋ መጣች፣ በሩን ዝጉላት» እያሉ ይስቁብኛል። ብርዱን ለመድኩት። ያልለመድኩት ሌላ ነገር ነበር። ስለ አንድ ቅርስ ስጠይቅ «ጋኔን አለበት»፣ «ያሳብዳል»፣ «ግዝት ነው» ሲሉኝ ደሜ ይፈላል። ቁጡ ነበርኩ፤ ዛሬም አልተሻለኝም። ያን ጊዜ ግን ቁጣዬን እውቀት ይመስለኝ ነበር።

በመጣሁ በዓመቱ ሦስት ተመራማሪዎች መጡ፤ ሁለት የውጭ አገር ሰዎችና አንድ ከአዲስ አበባ የመጣ አርኪዮሎጂስት። ክምሩን ሁለት ቀን ዞረው ለኩትና መቃብር ነው አሉ። ስማቸው የጠፋ፣ ከብዙ መቶ ዓመታት በፊት እዚህ ደጋ ላይ የኖሩ ሰዎች መቃብር። ያሰቡት ሩቡን ብቻ ቆፍረው የቀረውን እንዳለ ሊተዉት ነው። የአዲስ አበባው ሰው «የምንቆፍረውን እያጠፋን ነው የምንሄደው። መሐል ላይ ያለውን ዋናውን መቃብር ከእኛ የተሻለ መሣሪያ ይዞ ለሚመጣ ሰው እንተውለት» አለኝ። ይህን አነጋገሩን እስከ ዛሬ እወድለታለሁ።

አሥራ ሁለት የቀን ሠራተኛ ፈለግን። ማንም አልመጣም። የምንከፍለው ጥሩ ነበር፤ ክረምቱም ከፍቶ ያለፈበት ዓመት ስለነበር ሰው ተቸግሯል። አንዱን ገበሬ ማሳው ድረስ ሄጄ ብለምነው ሞፈሩን ሳይለቅ «እህቴ፣ የቀን ሥራ ለዛሬ ነው፤ ግዝት ግን ለልጅ ልጅ ይተርፋል» አለኝ። ተናድጄ ወደ ደብሩ ቄሰ ገበዝ ሄድኩ፤ የቤተ ክርስቲያኑን አስተዳደር የያዙ፣ አገሩ ሁሉ የሚሰማቸው አዛውንት ናቸው። አውድማ ላይ ገብስ ሲያዘሩ አገኘኋቸው። ቀጭን፣ በርኖሳቸው ላይ ገለባ የተሰካካ፣ ሲስቁ የሚያስላቸው ሰው ነበሩ።

«የቆላ ሰው ብርድ ሲያገኘው ምላሱ ይተሳሰራል ይሉ ነበር፤ አንቺስ ደህና ትናገሪያለሽ» አሉኝ ንግግሬን ጨርሼ ትንፋሽ ስወስድ።

«አባ፣ ግዝቱን ይፍቱልን።»

«ማን እንደገዘተው ታውቂያለሽ?»

«አላውቅም።»

«እኔም አላውቅም። ለምን እንደገዘቱት ግን ይመስለኛል። የሰው አጥንት አለበት። ክርስቲያን ይሁን አረማዊ ፈጣሪ ነው የሚያውቀው። ብቻ ሰው ነው፤ እንዳይረገጥ ብለው ነዋ።»

እኛም እንዳይረገጥ ነው የምንፈልገው፣ አጥንቱ በክብር ተመዝግቦ ይቀመጣል፣ ታሪኩ ይታወቃል፣ አልኳቸው። ሦስት ቀን አሰቡበት። በአራተኛው ቀን እሑድ፣ ከቅዳሴ በኋላ፣ ሕዝቡ ሳይበተን መስቀላቸውን ይዘው ቆሙና ፈቱት። «እግዚአብሔር ይፍታ» አሉ፤ ሕዝቡም «አሜን» አለ። በማግሥቱ አሥራ ሁለት ሰው ስንፈልግ ሠላሳ መጣ።

ቁፋሮው ሦስት ሳምንት ፈጀ። ተመራማሪዎቹ ከመዳፍ በማይበልጥ መቆፈሪያና በብሩሽ ሲሠሩ ያዩ ገበሬዎች መጀመሪያ «ይኼማ ቁፋሮ ሳይሆን እንደ ዶሮ መጫር ነው» እያሉ ቀለዱ፤ ኋላ ግን ከእኛ ይልቅ እነሱ ተጠነቀቁ። ገል ወጣ፣ የነሐስ አምባር ወጣ፣ ከዚያ ከክምሩ ጠርዝ አጠገብ አንዲት ሴት ወጣች። በጎኗ ተኝታ፣ ጉልበቶቿን አጥፋ፣ ጨሌዎቿ በአንገቷ ዙሪያ እንደነበሩ ነበሩ፤ ክሩ ብቻ በስብሶ አልቋል። «የቃልቻ ጨሌ ነው!» ብሎ አንዱ ወደኋላ ሲያፈገፍግ ሌላው «አንተ ደግሞ፣ ሴት አጊጣ አታውቅም?» አለው። ቄሰ ገበዙ መጥተው ጉድጓዱ አፋፍ ላይ ቆሙና ለረጅም ጊዜ አዩዋት። ማን ነበረች፣ ምን ታመልክ ነበር ብለው አልጠየቁም። ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ አይቼ እየጸለዩላት መሆኑን ገባኝ።

ከዚህ በኋላ ያለውን ለመጻፍ እጄ ይከብደኛል።

ሥራው አለቀ፤ ጉድጓዱ ተመልሶ ተደፈነ፤ ዕቃዎቹ ተመዝግበው ወደ አዲስ አበባ ሄዱ። እኔም መሐል ሜዳ አጽፌ ያመጣሁትን ትልቅ የቆርቆሮ ሰሌዳ ክምሩ ፊት አስተከልኩ። «ይህ ቦታ በሕግ የተጠበቀ ቅርስ ነው» ይላል፣ በነጭ ላይ በቀይ ቀለም። እንግዶቹ ፎቶ ሲያነሡኝ ቄሰ ገበዙ ጠጋ ብለው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ልጄ፣ እንግዲህ ከጨረሳችሁ እሑድ መልሼ ልገዝተው» አሉኝ።

ሳቅሁ። ከክፋት አልነበረም፤ ግን ሳቅሁ። እነዚያ የተማሩ ሰዎች አጠገቤ ቆመው እኔ ከቄስ ጋር ስለ ግዝት ስነጋገር እንዲሰሙ አልፈለግሁም። አፈርኩ፤ ያሳፈረኝ ይኸው ነበር። «አያስፈልግም አባ፣ አሁን ሕግ አለው» አልኳቸው።

«ሕግ ደግ ነው» አሉ ሰሌዳውን እያዩ። «ግን ሕጉ እዚህ ያድራል?»

«ያድራል» አልኩ። እሳቸውም እኔ የተማርኩ ስለሆንኩ አመኑኝ።

ሁለት ዓመት አለፈ። ክምሩን በዚያ መሐል ያየሁት አንዴ ብቻ ነው። ሰበብ አላጣም፤ ሞተር ብስክሌቱ ጎማ የለውም፣ ቅጽ ይሞላል፣ ስብሰባ አለ። በሁለተኛው ዓመት መጋቢት ላይ ተመራማሪዎቹ አዲስ መሣሪያ አግኝተው ዋናውን መቃብር ሊያጠኑ እንደሚመለሱ ደብዳቤ ጻፉልኝ። ደስ ብሎኝ፣ የግብርናውን ሞተር ለምኜ፣ ምሥራቹን ልነግር ሄድኩ።

ከሩቅ ሳይ መንገድ የሳትኩ መሰለኝ። ክምሩ አልነበረም። በነበረበት ቦታ ከጉልበት የማይበልጥ ጠጠርና አፈር ተበትኗል። ከዚያ ወዲያ ግን ተዳፋቱ ሁሉ፣ ከላይ እስከ ታች፣ በሚያምር እርከን ተሸንሽኗል። ጥርና የካቲትን ሕዝቡ በዘመቻ የእርከን ሥራ ላይ ከርሟል፤ እያንዳንዱ የልማት ቡድን ሠርቶ የሚያስረክበው ርዝመት ተሰጥቶታል። ድንጋዩ ደግሞ እዚያው አጠገባቸው፣ ተከምሮ፣ የሚሸከመውን ይጠብቅ ነበር።

የቡድን መሪውን እርከኑ ላይ አገኘሁት። ከእኛ ጋር ከቆፈሩት አሥራ ሁለት ሰዎች አንዱ ነበር።

«ምን አድርጋችሁ ነው?» ብዬ ጮህኩበት። «የተገዘተውን!»

ግራ ገብቶት አየኝ። «ተፈቷል እኮ! እርስዎ አይደሉ እንዴ ያስፈቱት?»

«ሰሌዳውስ? ሕግ ይላል፤ አላነበባችሁም?»

«ኧረ ሰሌዳውንስ አልነካነውም! ድንጋይ ሲንከባለል እንዳይጎዳው ብለን በጥንቃቄ ነቅለን ቀበሌ አስቀመጥነው። የመንግሥት ዕቃ አይደል?»

ሰውየው የሠራው ስህተት የለም። እሱ በሚያውቀው ቋንቋ ድንጋዩ ወይ የተገዘተ ነው ወይ የተፈታ ነው፤ ሦስተኛ ነገር የለም። የተፈታ ድንጋይ ደግሞ ድንጋይ ነው። ያን ክምር ስንት ክፉ ቀን፣ ስንት ጦርነት ያልነካው አንድ ቃል አጥር ስለሆነለት ነበር። ያን ቃል አስነሥቼ በቦታው ቆርቆሮ የተከልኩት እኔ ነኝ። መሐል ላይ የነበረው ሰው፣ ከእኛ የተሻለ ለሚያውቅ ሰው የተተወው፣ አጥንቱ ከአፈር ጋር ተጠርጎ የትኛው እርከን ሥር እንደገባ አይታወቅም። ፍርስራሹ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ።

ብበድልም እስከዚህ ድረስ ሞኝነት ልለው እችል ነበር። ዞኑ ግን ሪፖርት ጠየቀ፤ ማን ነው ኃላፊው የሚል። ሥራዬን እንዳላጣ ፈራሁ። ቁጭ ብዬ እንዲህ ስል ጻፍኩ፦ ቦታው በአካባቢው ባህላዊ ግዝት ተጠብቆ የቆየ ሲሆን፣ ግዝቱ በደብሩ ቄሰ ገበዝ በመነሣቱና ተመልሶ ባለመጣሉ ኅብረተሰቡ ድንጋዩን ለእርከን ሥራ ተጠቅሞበታል። አንድ ቃል ውሸት የለበትም። ደጋግሜ ያነበብኩት ውሸት ፍለጋ ነበር፤ ስላጣሁበት ፈርሜ ላክሁት። የጎደለው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ልመልሰው» ብለው ሲለምኑኝ «አያስፈልግም» ያልኩት እኔ መሆኔ።

ሪፖርቱ ከዞን ወደ ቀበሌ ወረደና በስብሰባ ላይ ተነበበ። ሌላ ቅጣት አልተከተለም። እኔም ተረሳ ብዬ እፎይ አልኩ።

በሳምንቱ፣ በገበያ ቀን፣ ቢሮአችን በር ላይ ሰው ተሰበሰበ። ብወጣ ቄሰ ገበዙ ግቢው መሐል ጎንበስ ብለው ቆመዋል፤ ማጅራታቸው ላይ ድንጋይ ተሸክመው። ግራና ቀኝ ሁለት ሽማግሌዎች አሉ። ይቅርታ ለመለመን ድንጋይ ተሸክሞ መምጣት በእኛ አገር ለታላቅ በደል ነው፤ ነፍስ ላጠፋ፣ ቤት ላቃጠለ። አንደኛው ሽማግሌ «ከቤታቸው ጀምሮ ነው የተሸከሙት፤ እናግዝዎ ብንል እምቢ አሉን» አሉኝ።

«ልጄ» አሉ ቄሰ ገበዙ ፊታቸውን ከመሬት ሳያነሡ። «አባቶቼ የጠበቁትን እኔ ፈትቼ አስበላሁት። እንደ ካህን መልሼ መግዘት የእኔ ፈንታ ነበር፤ አንቺ ልጅ ነሽ፣ አንቺን መስማት አልነበረብኝም። ሕዝቡንም አንቺንም በድያለሁ። ይቅር በይኝ።»

ሁሉም ሰው እኔን ያያል፤ አለቃዬ በመስኮት፣ ጸሐፊዎቹ በበሩ፣ ገበያተኛው በአጥሩ ላይ። እዚያ ላይ አንድ ነገር ብቻ ነበር የሚጠበቅብኝ። ድንጋዩን አንሥቼ በራሴ ማጅራት ላይ ማድረግ፣ እሳቸው እግር ሥር መውደቅ። ይህን አሁን ስጽፈው ቀላል ይመስላል። ያን ጊዜ አለቃዬን አየሁ፤ የፈረምኩትን ሪፖርት አሰብኩ።

ሄጄ ድንጋዩን ከማጅራታቸው አነሣሁት። ከጠበቅሁት በላይ ከባድ ነበር፤ በበርኖሳቸው ላይ አፈሩ ቀርቷል። «ይቅር ብያለሁ አባ» አልኳቸው።

ሽማግሌዎቹ እልል አሉ። ቄሰ ገበዙ ቀና ብለው ወገባቸውን ያዙ፣ ሳሉ፣ ዓይናቸው እንባ ሞልቶ ነበር። መስቀላቸውን ከደረታቸው አውጥተው ግንባሬ ላይ አደረጉልኝ። «እግዚአብሔር ያክብርሽ ልጄ፣ ሸክሜን አቀለልሽልኝ» አሉኝ።

እኔም መስቀላቸውን ተሳለምኩና «አሜን» አልኩ።