የቢያሊን ኩዋይ

በደጉ ጊዜ ከቢያሊን ቤት አፉ ሳይቀላ የሚወጣ ሰው አልነበረም። መንገደኛም ሆነ ባለጉዳይ፣ ዘመድም ሆነ የተቀየመ፣ ደጃፏን ከረገጠ መጀመሪያ ኩዋይ ይቀርብለታል፦ አፍ የሚያቀላ፣ እየታኘከ የሚበላ ጠንካራ የዛፍ ፍሬ ተሰንጥቆ፣ ኖራ በተቀባ ቢትል በሚሉት የሐረግ ቅጠል ተጠቅልሎ። ያን ጎርሶ፣ አላምጦ፣ ከንፈሩ ደም የነካው እስኪመስል ከቀላ በኋላ ነው «እህ፣ ምን እግር ጣለህ?» የሚባለው። ከዚያ በፊት ጉዳይ ማንሳት ነውር ነው። የመንደሯ የማውላምፓት ሰው ቤቱ ቢቃጠል እንኳ ጎረቤቱን ለእርዳታ ከመጥራቱ በፊት ኩዋዩን ይቀበላል እየተባለ ይቀለድበታል። ቀልዱ ከእውነቱ እምብዛም አይርቅም።

የቢያሊን እጅ ለዚህ የተፈጠረ ነበር። ኖራው ከበዛ አፍ ይልጣል፤ ካነሰ ደግሞ ሣር እንደማኘክ ነው። እሷ ዓይኗን ጨፍና ልኩን ታውቀዋለች። እንግዳ ጣቱ ላይ የቀረውን ኖራ በበሩ መቃን ላይ ይጠርጋል፤ የየቤቱ ወግ ነው። የእሷ መቃን ግን ከእናቷ ዘመን ጀምሮ ጣት በጣት ላይ እየተደረበበት እንጨቱ አይታይም ነበር። ባሏ ስኬም «ይሄ ቤት የቆመው በምሰሶ አይደለም፣ በሰው ጣት ነው» እያለ ያሾፍባት ነበር። ስኬም ዝናብ ያረጠበው የፍሬ ዛፍ አዳልጦት ወድቆ ሲሞት፣ አንዲቷ ልጃቸው ቲውሊን ገና ዳዴ ትላለች። ቢያሊን ሌላ ባል አላገባችም።

ያኔ ከጎኗ ያልተለየችው ሪሜካ ነበረች። ቤታቸው አጥር ለአጥር ነው፤ ከልጅነታቸው ጀምሮ አንድ ፍሬ ለሁለት ሰንጥቀው የበሉ ናቸው። በዚያ ገደላገደል አገር መንገድ የሚለካው በኩዋይ ነው። ገበያው ሦስት ኩዋይ ይርቃል፤ ማለትም አንዱን አላምጠው ሌላውን እየጎረሱ ሦስተኛው ሲያልቅ ይደርሳሉ። ሁለቱ ጓደኛሞች ያን አቀበት ከአንድ ቋጠሮ እየበሉ ስንቴ እንደተመላለሱበት እግዜር ይወቀው። በስኬም ለቅሶ ለመጣው ሁሉ ፍሬ ስትሰነጥቅ የዋለችው ሪሜካ ናት፤ አውራ ጣቷ እስኪቆስል ድረስ። አስከሬኑ ሲወጣም «ሂድ ስኬም፣ በእግዜር ቤት ኩዋይ ብላ» ሲባል ከሁሉ በላይ ያለቀሰችው እሷ ነበረች። ይህን የምለው ኋላ የሆነውን ስታዩ ሪሜካን ከመጀመሪያውም ክፉ ነበረች እንዳትሏት ነው። አልነበረችም።

ቲውሊን ስምንት ዓመት ሲሞላት፣ ክረምቱ አልለቅ ባለበት ዓመት፣ በቅጠሉ ሐረግ ላይ በሽታ ገባ። ሐረጉ ከሥሩ ይጠቁራል፣ ቅጠሉ ይበሰብሳል፣ በሳምንት ውስጥ ማሳው ሁሉ መሽተት ይጀምራል። የሪሜካ ማሳ ድምጥማጡ ጠፋ። የቢያሊን ማሳ ግን ከመንደሩ ማዶ ድንጋያማ ተዳፋት ላይ ስለሆነ ውሃ አይተኛበትም፤ አንድም ሐረግ አልታመመባትም። ለጠየቃት ሁሉ ይህንኑ ትናገራለች። ለሪሜካ ደግሞ በየሳምንቱ አንድ እስር ቅጠል ታደርስላታለች። ሪሜካ ተቀብላ ታመሰግናለች። ከሰው እጅ መቀበል ግን ሆድ ያሻክራል፤ በተለይ ትናንት እኩያ ከነበረ ሰው እጅ።

አንድ የገበያ ቀን ሪሜካ በሴቶች መሃል ተቀምጣ፣ ባዶ ቅርጫቷን እያየች፣ «የሁላችንም ሲሞት የእሷ የሚለመልመው ምን ብታበላው ነው?» አለች። ሴቶቹ ሳቁ። እሷም ሳቀች።

ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። በሚቀጥለው ገበያ ወሬው ሌላ ሆኖ ተመለሰ። ቢያሊን እባቡን ታበላለች ተባለ፤ የሰው ደም እየጠጣ ለአሳዳሪው ሀብት የሚያመጣውን፣ በዚያ አገር ስሙን ጮክ ብሎ የሚጠራ የሌለውን እባብ። ስኬምም ከዛፍ አልወደቀም፣ ገብራው ነው ተባለ። እባብ የምታሳድር ሴት ደግሞ ሰው የምትይዘው በኩዋይዋ ነው። ከእጇ የበላ ሰው ቀስ እያለ ይመነምናል፤ ሲሞት ደሙ የእባቡ ነው። ሪሜካ ይህን ሁሉ አላለችም። «ኧረ እኔ እንዲህ አላልኩም» ግን አላለችም።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነውና ቢያሊን የመጨረሻዋ ሰሚ ሆነች። እንዲያውም አልሰማችም፣ አየች። እንግዶቿ እንደ ወትሮው ይመጡ ነበር፤ ኩዋዩንም በሁለት እጃቸው ይቀበላሉ፤ ግን «መንገድ ላይ እበላዋለሁ» እያሉ ቋጠሮ ውስጥ ይከቱታል። አንድ ጠዋት የጠፋች ዶሮ ስትፈልግ ከአጥሩ መሻገሪያ ጀርባ፣ ቁጥቋጦው ሥር፣ የተጣለ ኩዋይ ተከምሮ አገኘች። የታኘከ አይደለም። ቅጠሉ እንደጠወለገ፣ እሷ እንዳጠፈችው። የገዛ እጥፏን አወቀችው። ዶሮዋን ረስታ እዚያው ቁጢጥ ብላ ቀረች።

ከሰዓት በኋላ ሪሜካን ቤቷ ጠራቻት። ትሪውን አቀረበችላት።

«ዛሬስ ጥርሴን አሞኛል፣ ይቅርብኝ» አለች ሪሜካ።

«አንቺም?»

«ምን እኔም?»

«ሪሜካ፣ ሰው ስለ እኔ ምን ይላል?»

«እኔ ምን አውቄ? ሰው የማይለው አለ እንዴ? ዝም ብትይው ይበርዳል።»

«አንቺ አንድ ጉርሻ በሰው ፊት ብትበዪልኝ እኮ ያልቃል። ሌላ ምንም አልለምንሽም።»

ሪሜካ በሩን አየች፣ መሬቱን አየች። «ጥርሴን አልኩሽ» ብላ ተነሳች። ቢያሊን ወሬው ከማን አፍ እንደወጣ ያን ጊዜ አወቀች። ከዚያ በኋላ ሁለቱ ሴቶች አጥር ለአጥር እንዳሉ ሳይጠያየቁ ዓመታት አለፉ።

ቲውሊን ሃያ ስትደፍን ሁለት ኩዋይ ከሚርቅ መንደር የአንድ ወጣት እናትና አጎት መጡ፤ ልጃቸውን ለዚህ ቤት ሊሰጡ፤ በዚያ አገር ወንዱ ነው ሚስቱ ቤት የሚገባው። ቢያሊን ከንጋት ጀምሮ ፍሬ ስትመርጥ፣ ቅጠል ስታብስ አረፈደች። ትሪው ቀረበ። ከበሉ ነገሩ አለቀ፤ ካልበሉ የሚባል ነገር የለም።

ሴትዮዋ «አሁን በልተን ነው የመጣን» አሉ። ከንፈራቸው ደረቅ፣ ጥርሳቸው ነጭ ነበር።

«የት በሉት?» አለች ቲውሊን ከጓዳ ወጥታ። «እስቲ አፍዎን ያሳዩኝ!»

«ቲውሊን!» አለች እናቷ።

«ምን ቲውሊን ትይኛለሽ? ውሸታቸውን ነው! መንደር ሲገቡ ነግረዋቸዋል!»

አጎትየው «ልጅቷ ምላስ አላት» አሉና ዣንጥላቸውን አነሱ። ዝናቡ እስኪያባራ እንኳ አልጠበቁም።

በዚያው ዓመት ሪሜካ ታመመች። ጥርሷ ረግፎ አልቋል፤ ኩዋይ የምትበላው በትንሽ ሙቀጫ ተወቅጦላት ነው። የሚወቅጥላት ወንድሟ ድሮን ነበር፤ በአክብሮት «ባህ ድሮን» የሚባል የመንደሩ ሽማግሌ፣ ቃሉ የማይታጠፍ ሰው። አንድ ረፋድ ድሮን ማሳ ወርዶ ሳለ፣ ቢያሊንና ልጇ ጓሮ ሆነው ከአጥሩ ማዶ የደከመ ድምፅ ሰሙ።

«ቢያ! ቢያ!»

በዚያ ስም የሚጠራት ሌላ ሰው በሕይወት አልነበረም። ሁለቱም ገቡ። ሪሜካ ምንጣፍ ላይ የተጣለ ጨርቅ መስላለች።

«እኔ ነኝ» አለች። «ያን ዓመት፣ ገበያ ላይ። ያንቺ ሐረግ አረንጓዴ ሆኖ ሳየው አንጀቴ እርር አለ። ከዚያ ወሬው ሮጠ፣ እኔም ፈራሁና ዝም አልኩ።»

«አውቃለሁ» አለች ቢያሊን።

«ድሮን ሲመጣ እነግረዋለሁ። ለመንደሩ ይናገርልኛል። አሁን ግን ኩዋይ ስጪኝ፣ ቢያ። የራስሽን። አፌ ደርቋል።»

ቲውሊን የእናቷን ክንድ ያዘች። «እማ፣ አይሆንም። መጀመሪያ ሰው ይምጣ። ትናገር፣ ከዚያ ትብላ።»

«ኩዋይ ለጠየቀኝ ሰው ነገር ይቅደም ልበል?»

«አዎ፣ በያት! አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ የጠበቅነው ቃል እዚህ ምላስ ላይ ነው ያለው! ብትሞትስ?»

«ብትሞትስ? አፏ ደርቆ ትሙት?» አለች ቢያሊን። «ሩጪና ድሮንን ጥሪ። እስክትመጪ እወቅጥላታለሁ።»

ቲውሊን ሮጠች። ድሮን እስኪደርስ መጠበቅ ይቻል ነበር፤ ሙቀጫው የትም አይሄድም። እኔም ይህን ታሪክ ባነሳሁ ቁጥር ቆይ እንጂ፣ አንዴ ቆይ ማለት ያምረኛል። ግን ወጉ ብቻ አይደለም የያዛት። አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ሰው እንኳ «የአንቺን ስጪኝ» ብሏት አያውቅም። ከቋጠሮዋ ምርጡን ፍሬ መርጣ ሰነጠቀችላት፤ በደስታ።

ኖራውን ለክታ፣ እስኪልም ወቅጣ፣ በጣቷ አጎረሰቻት። ሪሜካ በድዷ አላመጠችው። ከንፈሯ ቀስ እያለ ቀላ።

«ኖራው ልክ ነው» አለች። «ድሮን ሁልጊዜ ያበዛዋል።»

ቢያሊን ሳቀች። ከዚያ በኋላ ሪሜካ ትንሽ አላመጠች፣ ተወችው፣ እንደገና ትንሽ አላመጠች፣ ተወችው። ሦስተኛውን አላመጠችም።

ድሮን ከሁለት የማሳ ጎረቤቶቹ ጋር ሲገባ እህቱ ሞታለች፣ አፏ እንደቀላ፤ ቢያሊን ሙቀጫውን ይዛ አጠገቧ ተቀምጣለች።

«ምን ሰጠሻት?»

«ኩዋይ። ጠየቀችኝ። ባህ ድሮን፣ ልትነግርህ የፈለገችው ነገር ነበር…»

«ምን?»

ቢያሊን ነገረችው። ሬሳ ፊት ሟችን ውሸታም ማለት ምን እንደሚመስል እየነገረች ሳለች ገባት፤ ድምፅዋ እያነሰ ሄደ። ቲውሊን «እኔም ሰምቻለሁ፣ እግዜር ምስክሬ ነው!» ብላ ጮኸች። የልጅ ምስክርነት ለእናት ማን ይቆጥርላታል! ከጎረቤቶቹ አንዱ የሪሜካን አፍ አየና ወደ በሩ አፈገፈገ። ድሮን የእህቱን ዓይን ከደነ። በኋላ «ማንም እንዳይነካቸው» አለ። ይህን ማለቱ ሕይወታቸውን አተረፈ። ከዚያ ያለፈ ግን አልተናገረም።

በሳምንቱ የቢያሊን ሐረግ በሙሉ ከሥሩ ተቆርጦ አደረ። እናትና ልጅ ጥቂት የፍሬ ዛፎችና የጓሮ ቅጠል ይዘው ቀሩ። ቢያሊን ግን ጠዋት ጠዋት ትሪውን ማዘጋጀቷን አልተወችም፤ ማታ ማታ ከልጇ ጋር ራሳቸው ይበሉታል። መቃኑ ላይ ያለው ኖራ በየክረምቱ እየታጠበ ሄዶ በዘጠነኛው ዓመት እንጨቱ ታየ። ቢያሊን በዚያው ክረምት ትኩሳት ያዛት።

በአራተኛው ቀን ጠዋት ቲውሊን ቅጠል ቀብታ፣ ፍሬ ሰንጥቃ አጠገቧ ተቀመጠች። «እማ፣ ትንሽ ቅመሺ።»

«አይ፣ ልጄ።»

«ትወጃለሽ እኮ። ልውቀጥልሽ?»

«የሚያጥቡኝ ሴቶች ይመጣሉ። አፌን ያያሉ።»

«ይዩት! የፈለጉትን ይበሉ!»

«እኔ መሄዴ ነው። አንቺ ግን እዚህ ትኖሪያለሽ፣ ቤቱ ያንቺ ነው። አፌ ቀልቶ ካገኙኝ ልጅቷም በእናቷ ጀመረች ይላሉ።» ትንፋሿ እያጠረ ቀጠለች። «ከሰል ደቁሺና ጥርሴን እሺልኝ። የትናንቱ እንዳይቀር።»

ቲውሊን እምቢ አለች። ለመነቻት፣ ተቆጣቻት፣ አለቀሰች። እናቷ አፏን ከፍታ ጠበቀቻት። በመጨረሻ ከሰል ደቆሰች። የስድሳ ዓመት ቀለም በአንድ ጠዋት አይለቅም፤ ድዷ እስኪደማ አሸችላት፣ ደሙንም በውሃ አጉመጥምጣ አጠበችላት፣ ከንፈሯን በእርጥብ ጨርቅ ወለወለችላት። ያዘጋጀችው ኩዋይ ትሪው ላይ እንዳለ ቀረ። ቢያሊን ከቀትር በፊት ሞተች።

ሴቶቹ መጡ። ከማጠባቸው በፊት አንዷ ከንፈሯን በጣቷ ገለጥ አድርጋ አየች፣ ሌላዋን አየቻት፣ ራሷን ነቀነቀች። ምንም የለም። ቲውሊን ለለቀስተኛው ኩዋይ አዞረች፤ ሁሉም በሁለት እጁ ተቀብሎ ቋጠሮው ውስጥ ከተተ። ያረጀው ድሮን አስከሬኑ አጠገብ ቆሞ የሚባለውን አለ፦

«ሂጂ ቢያሊን፣ በእግዜር ቤት ኩዋይ ብዪ።»

ከዚያ ተሸክመው በዚያ መቃን መሃል አወጧት። አፏ ነጭ ነበር።